የተለካ ሰው እንግዳ አይደለም

ሰኞ፣ ትምህርት ቤት የተዘጋ ዕለት

ይህን የምጽፈው በልክ ደብተሬ የኋላ ገጾች ላይ ነው። ከፊት የደንበኞቼ ደረትና ወገብ አለ፣ ከኋላ ደግሞ የኔ ጉድ ይሁን። ሌላ ደብተር አጥቼ አይደለም። አዲስ ደብተር ጠረጴዛው ላይ ከታየ ቅንጣት "ይሄ ምንድን ነው? የማን ነው? ለምን ተዘጋ?" እያለች ነዝንዛ ትገድለኛለች። ይሄኛውን ግን ለምዳዋለች።

ቅንጣት ልጄ ናት፤ ሰባት ዓመቷ። ቅንጣት ያልኳት ስትወለድ ከክር ማጠንጠኛ ብዙም ስለማትበልጥ ነው። አሁን አካሏ እንዳለ ሆኖ አፏ ብቻ ሦስት ሰው ያህላል።

ዛሬ ሁለት ነገር አንድ ላይ መጣብኝ። የሷ ትምህርት ቤት ለክረምቱ ተዘጋ። የትልቁ ትምህርት ቤት የግዢ ኃላፊ ደግሞ መቶ ሃያ ዩኒፎርም አዘዙኝ፤ ዝናቡ ሳያባራ ማለቅ አለበት። እንግዲህ ልጅቷም፣ ጨርቁም፣ እኔም ከመንገዱ በአንድ በር ብቻ በምትለየው በዚህች ክፍል ተፋፍገን ልንከርም ነው። አባቷ መንገድ ሥራ ላይ ነው፣ የሚመጣው ዝናቡ ሲያበቃ ነው። በስልክ ስነግረው "መቶ ሃያ?" አለና ሳቀ። "ብቻ እንዳያመልጥሽ" አለኝ።

አያመልጠኝም። በስምንት ዓመት ሙያዬ እንዲህ ያለ ሥራ በሬን አንኳክቶ አያውቅም።

ማክሰኞ

አከራያችን እትዬ በጠዋት ወሬ ይዘው መጡ። ገበያው አካባቢ አንድ ሰው አንዲት ሕፃን "ነይ፣ እናትሽ ትጠራሻለች" ብሎ እጇን ይዞ ሲሄድ ተደረሰበት ይባላል። የነገራቸው ሰው አላየም፤ ለሱ የነገረውም አላየም። ቢሆንም ቅንጣትን ከበሩ ላይ ጠራኋት። የኔዋ እኮ "ነይ" እስክትባል የምትጠብቅ አይደለችም። ትናንት የጋዝ ሲሊንደር የሚያመላልሰውን ሰውዬ ጥርሱ ለምን እንደወለቀ፣ ሚስት እንዳለችው፣ ሚስቱ ስታኮርፈው የት እንደሚተኛ ጠይቃ ለሁሉም መልስ ተቀብላለች።

አስቀምጬ መከርኳት። ከማታውቂው ሰው ጋር አይወራም፣ አይኬድም፣ ከእጁም ምንም አይበላም።

"የማውቀው ማንን ነው?" አለችኝ።

እግሬ ፔዳሉ ላይ ነው፣ አፌ ውስጥ አራት ስፒል አለ። ዓይኔ ያረፈው ጠረጴዛው ላይ የተዘረጋው የልክ ደብተር ላይ ነበር። "እዚህ ላይ የተጻፈውን ሰው" አልኳት።

"ያልተጻፈውስ?"

"እሱ እንግዳ ነው።"

ተገላገልኩ ብዬ የስፌት መኪናዬን አስነሳሁ።

ረቡዕ

አልተገላገልኩም።

ዛሬ ከምሳ በፊት ብቻ ዘጠኝ ሰው ተለክቷል። በበሩ ያለፈውን ሁሉ "ቁም ልለካህ" እያለች ታስቆማለች፤ ከዚያ በራሷ ደብተር ላይ ሰውየውን ትስለውና ቁጥሩን ትጽፍበታለች። ሲያልቅ "በቃ፣ አሁን እንግዳ አይደለህም" ብላ ታበስረዋለች፤ ወዲያው ስለ ሚስቱ ትጠይቃለች። የውሃ ቆጣሪ አንባቢው ተለክቷል፣ ዳቦ አዟሪዋ ተለክታለች፣ የእትዬ ውሻ ጅራቱ ሳይቀር ተለክቷል። የሰጠኋት አሮጌ ሜትር ጫፉ ተቆርጦ ከአራት ነው የሚጀምረው። ስለዚህ ሰፈሩ በሙሉ በአንድ ቀን አራት ሳንቲ ወፍሯል።

ሞኝና ወረቀት የያዘውን አይለቅም ይባላል። ልጄ ሞኝ አይደለችም፣ ወረቀቱም የኔ ነው፤ ማንን እቆጣለሁ?

አንድ ነገር ግን ደስ አለኝ። ሁለቱንም እጅ ነው የምትለካው። ሙያውን ያስተማረችኝ ሴትዮ "ቀኝና ግራው እኩል የሆነ ሰው ገና አልተወለደም" ትል ነበር፤ ለቅንጣት የነገርኳት አንድ ቀን ነው፣ ይዛዋለች።

አርብ

ኃላፊው ጨርቁን ራሳቸው በመኪናቸው አመጡልኝ። ረጋ ያሉ፣ ሲናገሩ ድምፃቸው የማይሰማ፣ መንገደኛው ሁሉ ቆሞ ሰላም የሚላቸው ሰው ናቸው። እኔን "ልጄ" ነው የሚሉኝ።

ቅንጣት ሜትሯን ይዛ ሮጠች። "ይቁሙ ጋሼ፣ ልለካዎት።" እሳቸው ሜትሩን ከእጇ ወሰዱና እሷኑ መልሰው እጆቿን ጨምረው ጠቀለሏት። "ሳሚኝና ልፍታሽ" አሏት። ሳቅን። እሷ መሳቋን አላየሁም፣ ጨርቁን እየቆጠርኩ ነበር። አልስምም ብላ ስትግደረደር "ሳሚያቸው እንጂ፣ ምን ነካሽ?" አልኳት። ሳመቻቸውና ተፈታች።

እንዲህ ከልጅ ጋር የሚጫወት ትልቅ ሰው ብርቅ ነው።

ቅዳሜ

ከመንገዱ ማዶ፣ አውቶቡስ መጠበቂያው ጋ፣ ረጅም ጥቁር ኮት የለበሰ ሰውዬ ቆሞ ወደ ሱቄ ሲያይ ነበር። አውቶቡስ መጣ፣ አልተሳፈረም። ሌላ መጣ፣ አልተሳፈረም። ግራ እጁን ከኪሱ አያወጣም። ግማሽ ሰዓት ያህል ቆመና ሄደ።

እትዬን ጠየቅኳቸው። "እኔም አይቼዋለሁ" አሉኝ። "እጁን ከኪሱ የማያወጣ ሰው ምን የያዘ ይመስልሻል?"

ምን ይዞ ይሆን እያልኩ የአንዱን ዩኒፎርም እጅጌ አዙሬ ሰፋሁት። ፈትቼ እንደገና ሰፋሁ።

ማክሰኞ

አሥራ ሁለት አለቀ። ባለ ኮቱ ዛሬም ነበር። ቅንጣት "ስንት ቀረ?" አለችኝ። መቶ ስምንት። በጣቶቿ ልትቆጥር ሞክራ ጣት አለቀባት።

ሐሙስ

ኃላፊው ሥራውን ሊያዩ ብቅ አሉ። ቅንጣት ገና የመኪናቸውን ድምፅ ስትሰማ የመቁረጫው ጠረጴዛ ሥር ገባች። "የት ሄደች ወሬኛዋ?" ሲሉ ከሥር "የለችም በያቸው እማ" የሚል ድምፅ መጣ። በሳቅ ሞትን።

ካውያው ጓዳ ስለነበር ላመጣ ገባሁ። ስመለስ ኃላፊው ወንበሩ ላይ ተቀምጠው፣ እሷን ጭናቸው ላይ አስቀምጠው፣ በሁለት እጃቸው ይዘዋታል። ቅንጣት ፀጥ ብላለች። ለካ ዝም ማለትም ትችላለች አልኩ በሆዴ። ቀልዴን ለእሳቸውም ነገርኳቸው።

ከሄዱ በኋላ ቆጣ አልኳት። "ከጠረጴዛ ሥር መደበቅ ምንድን ነው? ያላሳደግኩሽ አስመሰልሽኝ እኮ።"

"ጋሼ ሲለኩ አይቆሙም" አለችኝ።

"ትልቅ ሰው ናቸው፣ ሥራ አለባቸው። ላንቺ ብለው ይገተሩልሽ?"

ሌላም ነገር ያለች መሰለኝ። የስፌት መኪናውን አስነስቼ ነበር።

"ስንት ቀረ?" ዘጠና ሰባት።

እሑድ

አባቷ ደወለ። ስለ ባለ ኮቱ ነገርኩት። "በሩን ዝጊ" አለኝ። በሩን ዘግቼ በምን ዓይኔ ልስፋ፤ ብርሃኑ የሚገባው በሱ ነው። ስልኩን ለቅንጣት ሰጠኋት። ሌላ ጊዜ ስልኩ ጆሮዋ ላይ እስኪግል ነው የምታወራው። ዛሬ "ደህና ነኝ። አንተ ስትመጣ ዩኒፎርሙ ያልቃል?" ብላ መለሰችልኝ።

ቀሚሷን እየጠበቀች ነው። ከሚተርፈው ጨርቅ እሰፋልሻለሁ ብያታለሁ፤ "ስንት ቀረ" የምትለውም ለሱ ነው። ምስኪን፣ ቀሚስ ናፍቋት።

ሌሊቱን ደግሞ ከአልጋዋ ተነስታ እኔ ጋ መጥታ ተኝታለች። ዝናቡ አስፈርቷት ይሆናል። ዝናብ ግን ፈርታ አታውቅም።

ረቡዕ

ጉድ ነው የሠራሁት።

ኮሌታ እየገለበጥኩ ቀና ስል ቅንጣት የለችም። በሩ ላይ የለችም፣ ከጠረጴዛው ሥር የለችም። ወደ ማዶ አየሁ። ባለ ኮቱ ቆሟል። ልጄ ከፊቱ ድንጋይ ላይ ወጥታ ትከሻውን እየለካች ነው።

መንገዱን እንዴት እንደተሻገርኩ አላውቅም። አንድ ሹፌር የሰደበኝ ስድብ ግን ቃል በቃል ትዝ ይለኛል። ስደርስ በእጄ ትልቁን የጨርቅ መቀስ ይዣለሁ። ሰውየው መቀሱን ሲያይ ሁለቱንም እጆቹን ወደ ላይ አነሳ። ያኔ አየሁት። ግራ እጁ ከቀኙ በጣም ያጥራል፤ የኮቱ እጅጌ ወደ ውስጥ ታጥፎ በመርፌ ቁልፍ ተይዟል።

"ቀኝ ስልሳ ሁለት፣ ግራ አርባ አምስት" አለች ቅንጣት፣ ምንም ሳይመስላት። "ሁለቱንም ለክቻለሁ እማ። ደግሞ እንዴት ጥሩ አድርጎ እንደሚቆም። አንዴ እንኳ አልተነቃነቀም።"

ሰውየው ሰዓት ጠጋኝ ናቸው። መታጠፊያው ላይ ያለውን ኪዮስክ ከተከራዩ ወር አልሞላቸውም። "ስለካ ሰው ሲያየኝ አፍራለሁ" አሉኝ፣ ዓይናቸውን መሬት ላይ ተክለው። "ሱቅሽ ባዶ የሚሆንበትን ሰዓት ስጠብቅ ነው የከረምኩት እህቴ። አስደንግጬሽ ከሆነ ይቅርታ።"

መቀሱን ከጀርባዬ ደበቅኩት። ምን ይባላል? "ኮቱን ያምጡት" አልኳቸው።

ቅንጣትን ብቻዋን መንገድ በመሻገሯ ልገርፋት ነበር፤ አባባሏ እጄን ያዘኝ። "ካልለካሁት እኮ እንግዳ ሆኖ ይቀራል" አለችኝ። እውነቷን ነው። እኔ ሁለት ሳምንት ከሩቅ ስፈራው የከረምኩትን ሰው እሷ በሁለት ደቂቃ ለክታ ጨረሰችው።

አርብ

ኮቱ ደረሰ። ከቅንጣት ቁጥር አራት አራት ቀንሼ፣ እጅጌዎቹን ለየብቻ ቆርጬ ሠራሁት። ሰዓት ጠጋኙ ለበሱት፣ ግራ እጃቸውን ከኪስ አውጥተው አዩት። ለቅንጣት የሚሠራ የጠረጴዛ ሰዓት ሊሰጧት ሲሉ "እማን ጠይቅ" አለቻቸው። ኮራሁ።

እትዬ አልተዋጠላቸውም። "እሷ ለካችው ብለሽ ታምኛለሽ? ልጅ ያቦካው ለራት አይበቃም። ይልቅ እንደ ኃላፊው ያለውን ሰው ያዢ" አሉኝ።

"ስንት ቀረ?" ሃምሳ አራት።

ሰኞ

ደስታዬን የት ላድርገው። ኃላፊው ለቅንጣት በትልቁ ትምህርት ቤት ቦታ ሊያገኙላት ነው። እንዲያው በነፃ፣ ለኔ ብለው። "ሐሙስ በመኪና ልውሰዳትና ግቢውን ላሳያት፣ ርዕሰ መምህሯም ትያት። አንቺ ሥራሽን ሥሪ ልጄ፣ ማታ እመልሳታለሁ" አሉኝ። እጃቸውን ልስም ምንም አልቀረኝም።

ለቅንጣት ስነግራት "አንቺም ትመጫለሽ?" አለችኝ።

"ሥራውን ማን ይጨርስልኛል?"

"ስንት ቀረ?"

"አርባ አንድ።"

"እስከ ሐሙስ አያልቅም?"

"ምን ብትዪም አያልቅም።"

ራቷን ሳትበላ ተኛች። ሆዷን አመማት።

ረቡዕ

ሥራ። ሥራ። ቅንጣት ቁልፍ ልትተክል ፈለገች፤ መርፌ ስትይዝ እፈራለሁ እንጂ እጇ ጎበዝ ነው። አሥራ ስድስት ቁልፍ ተከለች። ጣቷ ደም አውጥቶ እንኳ አልተወችም። እንዲህ ሥራ ወዳድ መሆኗን አላውቅም ነበር።

ሃያ ሁለት ቀረ።

ሐሙስ

ስምንት ሰዓት። ኃላፊው መጥተዋል። ያልኳትን ቀሚስ ሥራው ሳያልቅ ማታ ሰፍቼ አልብሻታለሁ። ጫማዋን ልታመጣ ጓዳ ገባች።

ስምንት ተኩል። የለችም። ከጓዳው ወደ ጓሮ የሚያስወጣው በር ክፍት ነው።

ዘጠኝ። ተገኘች።

ሐሙስ ማታ

ተኝታለች፣ ከጎኔ። ይህን ሁሉ በተራ ልጻፈው፤ ነገ እንዳልሸመጥጠው።

ቅንጣት ስትጠፋ እኔ በጓሮ በኩል ስጮህ፣ እትዬ በመንገዱ በኩል ሲጮሁ፣ ኃላፊው ሱቁ ውስጥ ተቀምጠው "ልጅ ናት፣ ትመጣለች" ይሉ ነበር። ሰዓት ጠጋኙ እጇን ይዘው በዋናው በር አስገቧት። አንድ እግሯ ጫማ የለውም። እኔ ጅል መጀመሪያ የጮህኩት ሰዓት ጠጋኙ ላይ ነው። ልጄን የት ወስደዋት ነበር አልኳቸው። እሳቸው አልተቆጡም።

"ሮጣ ኪዮስኬ ውስጥ ገባች" አሉኝ። "ደብተር ላይ ያለኸው አንተ ነህ፣ በሩን ዝጋ አለችኝ። እኔ ደግሞ መዝጋት ትቼ ወዳንቺ ይዣት መጣሁ። የምትለውን ስሚያት እህቴ።"

ኃላፊው በዚያ በለሰለሰ ድምፃቸው ሳቁ። "የምን ደብተር ነው?"

ቅንጣት የልክ ደብተሩን ከጠረጴዛው አነሳች። ከፊት ጀምራ አንድ በአንድ ገለጠችው፤ ፊደል ስለምትቆጥር ጊዜ ወሰደባት። "ጋሼ እዚህ የሉም" አለችኝ። "አንዴም ተለክተው አያውቁም። ያልተጻፈው እንግዳ ነው ብለሽኛል።"

እውነትም የሉም። ለመቶ ሃያ ልጅ ያዘዙት ሰው ለራሳቸው አንድ ሸሚዝ አሰፍተው አያውቁም። ልስቅ ነበር። አፌ ለሳቅ ተከፍቶ ነበር።

"በይ እሺ፣ አሁን ለኪኝ" አሉና እጃቸውን ዘረጉላት።

ልጄ ከኋላዬ ገብታ ቀሚሴን ጨበጠች። "አይቆሙም እማ" አለችኝ። "ሲይዙኝ በቃ እላለሁ፣ አያቆሙም።"

እንዴት እንደሆነ አላውቅም፣ ነገሩ ያን ጊዜ ገባኝ። ሰምቼው የማውቀው ቃል ነው። ነግራኛለች፣ እኔም ጽፌዋለሁ።

"ዛሬ አትሄድም ጋሼ" አልኳቸው።

"ምነው ልጄ? ርዕሰ መምህሯ ትጠብቃለች።"

"አትሄድም።"

ፈገግታቸው እንዳለ ነበር። "አንቺም ብልህ ሴት ነሽ። ሃያ ምናምን ዩኒፎርም ይቀርሻል። ይህን ሥራ የሚለምን ሰፊ በየመንገዱ አለ፣ ይህን እንዳትረሺ።" ይህን ሲል እኔን አላየም። ያየው ልጄን ነው። እሷም አንገቷን ደፋች፤ ይህን ነገር ዛሬ ለመጀመሪያ ጊዜ የሰማችው አትመስልም ነበር።

"ውጣ" አልኩት። ሰዓት ጠጋኙ በሩን ይዘውለት ቆሙ። ወጣ።

ከዚያ ሱቁን ዘጋሁ። ቁጭ ብዬ ጠየቅኳት። የነገረችኝን እዚህ አልጽፈውም፤ ለሚጠይቀኝ ሁሉ ግን በአፌ እናገረዋለሁ። እኔ ካውያ ላመጣ፣ ውሃ ልቀዳ፣ እትዬን ላናግር በወጣሁ ቁጥር ነው። በመኪናው ወስዷት ቢሆን ኖሮ ምን እጽፍ እንደነበር ማሰብ አልችልም።

"ለምን አልነገርሽኝም የኔ እናት?" አልኳት።

"ለእናትሽ ከነገርሽ ዩኒፎርሙን እወስድባታለሁ አለኝ። እስኪያልቅ ልጠብቅ ብዬ ነው" አለችኝ። "ሃያ ሁለት ብቻ እኮ ነው የቀረው።"

ስለዚህ ስትቆጥር የከረመችው ቀሚስ አይደለም።

ይህን ደብተር ወደ ኋላ ገልጬ አነበብኩት። ሁሉም አለ። ሜትሩ አለ፣ ጠረጴዛው ሥር አለ፣ ሆድ ቁርጠቱ አለ፣ የደማው ጣት አለ። ሁሉንም በገዛ እጄ ጽፌዋለሁ፣ ያውም እየሳቅኩ። ላም ባልዋለበት ኩበት ስለቅም፣ አንድ እጁ ያጠረ ሰው ላይ መቀስ ይዤ ስሮጥ፣ ሌላውን ወንበር ስቤ አስቀምጠው ነበር። "ሳሚያቸው እንጂ" ያልኩት እኔ ነኝ።

አርብ

ለእትዬ ነገርኳቸው። አፋቸውን ያዙ። "ያዢው ያልኩሽ እኔ ነኝ" አሉ። እትዬ ሲሳሳቱ አምነው አያውቁም፤ ዛሬ ግን አመኑ። ተነስተው ጃንጥላቸውን አነሱ። "ምን ትጠብቂያለሽ? ጫማሽን አድርጊ።"

በዝናብ ትልቁ ትምህርት ቤት ሄድን። ርዕሰ መምህሯን አገኘናት። ትናንት ማንንም ልጅ አልጠበቅኩም፣ የሰማሁትም ነገር የለም አለች። ሰምታ ስትጨርስ ወረቀት አውጥታ መጻፍ ጀመረች። "ሌላ ልጅ እንዳይኖር እፈራለሁ" አለችን። እትዬ "መፍራቱን ተይና ጠይቂያቸው" አሏት።

አባቷን ደወልኩለት። እስከ መጨረሻው ሰማኝ። "ሥራው እንዳያመልጥሽ ያልኩት እኔ" አለ። ነገ ይገባል።

ረቡዕ

ያ ኃላፊ ከሥራ ታግዷል። ሁለት ሌሎች እናቶች መጥተው ተናግረዋል። ለነሱ ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ነው፤ እኛም ለጥቂት ነው የተረፍነው። ስለዚህ አልኮራም።

ፖሊስ ጣቢያ ሄድን። ቃሏን የምትቀበለው ፖሊስ ወጣት ሴት ናት። ቅንጣት አላናግርም አለች። "ምን ላድርግ?" ስትል ፖሊሷ፣ ልጄ ሜትሯን ከኪሷ አወጣች። ፖሊሷ ኮፍያዋን አውልቃ እንደ ሰልፍ ቀጥ ብላ ቆመች። ደረት፣ ትከሻ፣ ቀኝ እጅ፣ ግራ እጅ። አባቷ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዞረ። ከዚያ ቅንጣት ወንበሯን ስባ ተቀመጠችና ሁሉንም አንድ በአንድ ተናገረች። ሲጨርሱ "ሚስት አለሽ?" ብላ ጠየቀቻት፤ ለሁሉም የምትጠይቀው እሱን ነውና።

ሰኞ

ዩኒፎርሙን ጨረስኩ። ርዕሰ መምህሯ "ካልፈለግሽ ይቅር፣ እንረዳሻለን" ብላኝ ነበር። ልጆቹ ምን አጠፉ? የመጨረሻዋን ቁልፍ ሳጠብቅ ደስ ይለኛል ብዬ ነበር፤ ለቅሶ ነው የመጣልኝ። ቅንጣት "ስንት ቀረ?" አላለችኝም። ከሳምንት በላይ ሆናት ከተወችው።

ሐሙስ

ዝናቡ አባርቷል። አባቷ ጣሪያውን እየጠገነ ነው፤ ከላይ ሆኖ ምስማር አቀብሉኝ ይላል።

ዛሬ ድፍረት አገኘሁና የስፌት መኪናውን አቁሜ ጠራኋት። "ይቅርታ አድርጊልኝ" አልኳት።

"ለምኑ?"

"ስትነግሪኝ ስላልሰማሁሽ።"

አሰበችበት። ስታስብ እንደ እትዬ ከንፈሯን ትነክሳለች። ከዚያ ልታጽናናኝ ትከሻዬን መታ መታ አደረገችኝ።

"አንቺ እኮ አይደለሽም እማ" አለችኝ። "መኪናው ነው የሚጮኸው።"

ጓዳ ገብቼ ፊቴን ታጥቤ ተመለስኩ።

ከሰዓት በኋላ አንዲት እጅጌ ለመስፋት ሁለት ሰዓት ፈጀብኝ። ዘጠኝ ጊዜ ጠራችኝ፣ ዘጠኝ ጊዜ እግሬን ከፔዳሉ አንስቼ፣ መኪናው ፀጥ እስኪል ጠብቄ "አቤት" አልኳት። ስምንቱ ስለ እትዬ ውሻ ነበር።